ሳልሰማ ተፈረደብኝ፦ ከአዳማ ለመጡ ጥያቄዎች የጠበቃ መልስ

በሌሉበት የተፈረደባቸው ብዙ ሰዎች ፍርዱን እንዴት እንደሚያስነሱ ጠይቀውኛል። ሕጉ በ1958 የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው።

ፍራንኮ ሰፈር ሱቅ አለኝ። ክስ መኖሩን የሰማሁት የአፈጻጸም፣ ማለት ፍርዱን የማስፈጸሚያ፣ መጥሪያ ሲመጣ ነው። ጊዜው አለፈብኝ?

ካወቁ አንድ ወር ካልሞላዎት አላለፈም፣ እህቴ። አንቀጽ 78 ፍርዱ እንዲነሳ ለማመልከት አንድ ወር ይሰጥዎታል። የሚቆጠረውም ውሳኔው መኖሩን ካወቁበት ቀን ነው። አቤቱታው የሚቀርበው ለፈረደው ፍርድ ቤት ራሱ ነው። ግን ዛሬውኑ መዝገብ ቤት ሄደው ግልባጭ ያውጡ። የመጀመሪያውን የክስ መጥሪያ ማን ፈረመ? መጥሪያ አድራሹ ምን ብሎ ጻፈ? ክርክርዎ የሚቆመው እዚያ ወረቀት ላይ ነው።

ጋሼ፣ ዕዳውን ከፍያለሁ፤ ደረሰኝም አለኝ። ያንን ባቀርብ አይበቃም?

አይበቃም፣ ወንድሜ። እውነት ይዘው የሚወድቁ ሰዎች እዚህ ጋ ነው የሚወድቁት፤ ሳየው ያንገበግበኛል። አምስት ገጽ ስለ ክፍያው ይጽፋሉ፣ ስለቀሩበት ምክንያት ግን አንድ መስመር። ዳኛው መጀመሪያ የሚጠይቁት ዕዳ አለብህ ወይ ብለው አይደለም፤ ለምን አልቀረብክም ነው። ለዚህ ሕጉ ሁለት መልስ ይቀበላል፦ መጥሪያው በአግባቡ አልደረሰኝም፣ ወይም ደርሶኝ በበቂ ምክንያት መቅረብ አልቻልኩም። ሆስፒታል ተኝተው ከነበረ የገቡበትንና የወጡበትን ቀን የሚያሳይ ማስረጃ ያያይዙ። ደረሰኙንም ያያይዙት። ዋናው ተራው ግን ፍርዱ ተነስቶ ክርክሩ እንደገና ሲከፈት ነው።

መጥሪያው የተሰጠው ለተከራዬ ነው።

ተከራይ ወኪልዎ አይደለም፤ ጥሩ መከራከሪያ ነው። ቢሆንም በመለጠፍ ወይም በጋዜጣ እንዲደርስ ታዝዞ እንደነበር ያጣሩ። ታዝዞ ከነበረ፣ ከሳሽ አድራሻዎን እያወቀ አላውቅም ብሎ እንደሆነ ይመርምሩ።

ቀጠሮውን ረስቼ ነው የቀረሁት።

ይህ ብዙ ጊዜ አያዋጣም። የሐሰት የሐኪም ወረቀት ግን እንዳያስቡት! ሌላ ጣጣ ነው።

አቤቱታ ካስገባሁ አፈጻጸሙ ይቆማል?

በራሱ አይቆምም። የዕግድ ጥያቄዎን ለይተው ይጻፉ። ፍርዱ ከመነሳቱ በፊት ሌላው ወገን ተጠርቶ ይሰማል። ፍርድ ቤቱ ወጪ እንዲከፍሉ ወይም ገንዘብ እንዲያስይዙ ሊያዝም ይችላል፤ ስለዚህ ባዶ እጅዎን አይሂዱ።

በሌለሁበት እንዲታይ ታዟል፤ ፍርድ ግን ገና ነው።

እንግዲያው ምን ይጠብቃሉ? በሚቀጥለው ቀጠሮ ይቅረቡና የቀሩበትን ምክንያት ያስረዱ። አንቀጽ 72 ይህን ይፈቅዳል። ፍርድ ከተሰጠ በኋላ ከማስነሳት በጣም ይቀላል።

አፋን ኦሮሞ አልጽፍም። በአማርኛ ላስገባ?

አዳማ ያሉት የክልሉ ፍርድ ቤቶች የሚሠሩት በአፋን ኦሮሞ ነው። ቋንቋውንም ሕጉንም በሚያውቅ ሰው ያስጽፉ። ከመፈረምዎ በፊት በአማርኛ እንዲያነቡልዎት ያድርጉ፤ በተለይ ውሳኔውን ያወቁበት ቀን በትክክል መጻፉን ያረጋግጡ።