የነገውን ሳያውቁ የጻፉ ሰዎች

ውድ ወጣቶች፣

ሠላሳ አምስት ዓመት ያህል በሕግ ሙያ ሠርቼ ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ አብዛኛው ጊዜዬ የሚያልፈው በንባብ ነው። አንዳንዶቻችሁ በመንፈቅለ መንግሥት፣ በአምባገነን አገዛዝ ሥር ስላለ ኑሮና ስለ ተቃውሞ ከተጻፉት መጻሕፍት የትኛውን ቀድመን እናንብብ እያላችሁ ስትጠይቁኝ ቆይታችኋል። የመጻሕፍት ዝርዝር ሰጥቶ መሸኘት ይቀለኝ ነበር፤ ነገር ግን እኔ ራሴ በእናንተ ዕድሜ እነዚህን መጻሕፍት ብዙ አንብቤ ጥቂት እንደተረዳሁ ስለማውቅ፣ ስለ አነባበቡ ብነግራችሁ የበለጠ የምጠቅማችሁ ይመስለኛል። የምጠቅሳቸው ዓመታትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

በሃያ ዓመቴ ሳነብ ዓይኔ የሚያርፈው በሁለት ሰዎች ላይ ብቻ ነበር፤ በአምባገነኑና በጀግናው ላይ። አምባገነኑ ምን እንደተናገረ፣ ማንን እንዳስገደለ፣ በመጨረሻ እንዴት እንደወደቀ በቃሌ እወጣው ነበር። ጀግናው ሲገረፍ አብሬ እገረፋለሁ፤ ሲያሸንፍም አብሬ አሸንፋለሁ። በሁለቱ መካከል ማኅተም የሚመታውን ጸሐፊ፣ ስም ዝርዝር የሚገለብጠውን ሠራተኛ፣ በስብሰባ ላይ አንገቱን ደፍቶ የሚቀመጠውን ባለሙያ ግን አላየሁትም ነበር። ያን ሰው ልብ ብዬ ያየሁት ዘግይቼ ነው፤ ያየሁትም እኔው ራሴ እርሱን ሆኜ ከተገኘሁ በኋላ ነው።

በሥራዬ የመጀመሪያ ዓመታት አንድ የሥራ ባልደረባችን ሐሳቡን በግልጽ በመናገሩ ምክንያት ከሥራ እንዲወገድ ተደረገ። ቃለ ጉባኤው ግን በገዛ ፈቃዱ እንደለቀቀ ይናገራል። በክፍሉ ውስጥ የነበርነው ሁሉ እውነቱን እናውቃለን። ማንም አላስፈራራንም፣ ማንም ድምፁን ከፍ አላደረገም፤ ወረቀቱ ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ ደረሰኝ፣ እኔም ፈረምሁ። «ዝም አይነቅዝም» የሚለውን ተረት ለራሴ ደጋግሜው ይሆናል። ዛሬም ድረስ የሚከብደኝ መፈረሜ ብቻ ሳይሆን፣ ያን ሌሊት በሰላም መተኛቴ ነው።

ከብዙ ዓመታት በኋላ ጀርመናዊው ሰባስቲያን ሃፍነር የጻፈውን ማስታወሻ ሳነብ ያ ወረቀት ተመልሶ እጄ ላይ የተቀመጠ ያህል ተሰማኝ። ሃፍነር በ1933 በበርሊን ከፍተኛ ፍርድ ቤት የሕግ ተለማማጅ ነበር። አንድ ቀን በፍርድ ቤቱ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጦ ሲሠራ የናዚ ፓርቲ ሚሊሻዎች አይሁዳውያንን ለማስወጣት ገቡ፤ አንደኛው ወደ እርሱ ጠጋ ብሎ «አርያን ነህ?» (በናዚዎች አነጋገር አይሁዳዊ ያልሆነ፣ የጀርመን ዘር ማለት ነው) ሲል ጠየቀው፤ እርሱም ሳያስብበት «አዎ» አለ። መልሱ ሐሰት አልነበረም። ነገር ግን ጠያቂው እንዲህ ብሎ የመጠየቅ መብት እንዳለው አምኖ መመለሱ፣ በዚያች አንዲት ቃልም በጠረጴዛው ላይ ሰላም መግዛቱ ወዲያው እንደ ውርደት አንገበገበው። ይህን የጻፈው በ1939 በስደት ሳለ ነው፤ መጽሐፉ የታተመው ግን በ2000፣ እርሱ ካረፈ በኋላ ነበር።

ከዚህ የምሰጣችሁ የመጀመሪያው ምክር ይመነጫል። መጨረሻውን ሳያውቁ የጻፉትን ሰዎች አስቀድሙ። ነገሩ ካለፈ በኋላ የሚጻፍ ታሪክ አስፈላጊ ነው፤ ሆኖም ሁሉንም ነገር ወደ ታወቀው ፍጻሜ እያስጎነበሰ ስለሚያቀርብ፣ አንባቢው «እንዴት አልታያቸውም?» ብሎ በመገረም ራሱን ከእነዚያ ሰዎች አስተዋይ አድርጎ ይቆጥራል። ማክሰኞ ማታ የማክሰኞን ነገር የሚጽፍ ሰው ግን ረቡዕን አያውቅም። ወሬ ይሰማል፣ ይጠራጠራል፣ ተስፋ ያደርጋል፣ ይሳሳታል፤ እኛም ብንሆን የምንኖረው እንዲሁ ነው።

በዚህ ረገድ ከቪክቶር ክሌምፐረር ዕለታዊ ማስታወሻ የሚበልጥ አላገኘሁም። ክሌምፐረር በድሬስደን የሥነ ጽሑፍ ፕሮፌሰር የነበረ፣ በትውልዱ አይሁዳዊ የሆነ ሰው ነው። በ1935 ከማስተማር ሥራው ተባረረ፤ ከዚያም መኪና መንዳት፣ ቤተ መጻሕፍት መጠቀም፣ በገዛ ቤቱ መኖር ተራ በተራ ተከለከለ። በ1942 አይሁዳውያን የቤት እንስሳ እንዳይኖራቸው በመከልከሉ እርሱና ሚስቱ ድመታቸውን ለማስገደል ተገደዱ። የጻፋቸውን ወረቀቶች አይሁዳዊ ያልሆነችው ሚስቱ ኤቫ በየጊዜው ይዛ ወጥታ በወዳጅ ቤት ትደብቅ ነበር፤ ቢያዙ ለሦስቱም ሞት ነበር። ሰውዬው የቋንቋ ሊቅ ስለነበር አገዛዙ በቃላት ላይ ያደረገውንም መዘገበ። ለምሳሌ «አክራሪ» የሚለው ቃል ነቀፋ መሆኑ ቀርቶ ምስጋና ሲሆን፣ ይህንንም አገዛዙን የሚጠሉ ሰዎች ጭምር ሳያስተውሉ ሲናገሩት ሰምቷል። እንዲህ ያሉ ቃላትን በጥቂት በጥቂቱ ከሚዋጥ መርዝ ጋር አመሳስሏቸዋል።

ሕግ ለምታጠኑት ደግሞ አንድ ነገር ልጨምር። መንፈቅለ መንግሥት ሲባል በአእምሯችን የሚመጣው ታንክና የተያዘ ሬዲዮ ጣቢያ ነው፤ በ1973 በቺሊ እንደሆነው ቤተ መንግሥት በአውሮፕላን ሲደበደብ ማንም አይሳሳትም። የጀርመኑ መንገድ ግን በአብዛኛው በወረቀት የተጠረገ ነበር። ሂትለር ጥር 30 ቀን 1933 መራሔ መንግሥት ሆኖ በሕጋዊ ሥርዓት ተሾመ፤ የፓርላማው ሕንፃ በተቃጠለ ማግስት፣ የካቲት 28፣ በወጣ ድንጋጌ መሠረታዊ መብቶች ታገዱ፤ መጋቢት 23 ደግሞ የኮሚኒስት ተመራጮች ታስረውና ተሰደው፣ ሚሊሻው አዳራሹን ከብቦ ሳለ፣ ፓርላማው በ444 ድምፅ በ94 ተቃውሞ ሕግ የማውጣት ሥልጣኑን ለካቢኔው አስረከበ። ይህ ሁሉ የፈጀው 52 ቀናት ነው። ከሂትለር በፊት የነበረው የጀርመን ዴሞክራሲያዊ ሕገ መንግሥት፣ የዋይማር ሕገ መንግሥት የሚባለው፣ በአገዛዙ ዘመን ሁሉ በይፋ አልተሻረም።

ስለ ተቃውሞ ስታነቡ በውጤቱ ብቻ እንዳትመዝኑ እለምናችኋለሁ። ኦቶና ኤሊሴ ሃምፕል የሚባሉ የበርሊን ባልና ሚስት፣ የኤሊሴ ወንድም በ1940 በጦርነቱ ከተገደለ በኋላ፣ አገዛዙን የሚቃወሙ ከ200 በላይ ፖስት ካርዶች በእጃቸው እየጻፉ በየደረጃው ላይ ይጥሉ ነበር። ያገኟቸው ሰዎች አብዛኞቹን ካርዶች ለፖሊስ አስረከቡ። ባልና ሚስቱም በ1943 ተገደሉ። ደራሲው ሃንስ ፋላዳ የናዚዎቹን ምስጢራዊ ፖሊስ፣ የጌስታፖን መዝገብ አይቶ ልብ ወለድ ባያደርገው ኖሮ ምናልባት ተረስተው ይቀሩ ነበር። በሌላ በኩል ኤሪካ ቼኖዌትና ማሪያ ስቴፈን በ2011 ባሳተሙት ጥናት ከ1900 እስከ 2006 የተካሄዱ 323 ንቅናቄዎችን መርምረው፣ ከሰላማዊዎቹ 53 በመቶ፣ ከትጥቅ ትግሎቹ 26 በመቶ ግባቸውን እንደመቱ አሳይተዋል። ሁለቱንም አብራችሁ ያዙ፤ ቁጥሩን ብቻ የያዘ ሃምፕሎችን ሞኝ ይላቸዋል፣ ሃምፕሎችን ብቻ የያዘ ደግሞ ብዙ ሰው ተባብሮ ምን ማድረግ እንደሚችል ይዘነጋል።

አገዛዙን ካገለገሉ በኋላ ተጸጽተው የጻፉ ሰዎችን መጻሕፍትም አንብቡ፤ እንደ ዳኛ ግን አንብቧቸው። የሂትለር አርክቴክትና የጦር መሣሪያ ሚኒስትር የነበረው አልበርት ሽፔር በ1969 ባሳተመው ማስታወሻ በጥቅሉ ጥፋተኛ ነኝ እያለ በዝርዝሩ ግን አላውቅም ነበር ይላል፤ በኋላ የታሪክ ሰዎች ሰነዶቹን ሲመረምሩ ያውቅ እንደነበር አሳዩ። ይህን ዓይነት የእምነት ቃል በፍርድ ቤት ብዙ ጊዜ ሰምቼዋለሁ። ተከሳሹ ትልቁን ጥፋት በፈቃዱ የሚሸከመው፣ ትንንሾቹንና በማስረጃ የሚያዙትን ለማስጣል ሲል ነው።

ከንባባችሁ ያገኛችሁትን ስም ደግሞ በምትጠሉት ሰው ሁሉ ላይ አትለጥፉት። ክፉ አለቃ ሁሉ አምባገነን አይሆንም፤ ቃሉን በየአጋጣሚው ከጨረሳችሁት በሚያስፈልግበት ቀን ታጡታላችሁ።

እንግዲህ ከየት እንጀምር ላላችሁኝ፣ ከክሌምፐረር ጀምሩ፤ መጽሐፉ ረጅም ነው፣ አትቸኩሉ። የአንድን ቀን ጽሑፍ ስትጨርሱ መጽሐፉን እጠፉና እርሱ በዚያ ቀን የሚያውቀውን ብቻ ይዛችሁ፣ እናንተ ብትሆኑ በማግስቱ ጠዋት ምን ታደርጉ እንደነበር በወረቀት ጻፉ። ከዚያ በኋላ ገጹን ግለጡ።