መልስ፦ ለገበሬ አገር 628 ሜትር ማማ ለምን?

አቦ፣ ጥሩ ጥያቄ ነው። «አሜሪካ፣ ኖርዝ ዳኮታ ግዛት ውስጥ፣ ከእርሻ በቀር ብዙም ነገር በሌለበት ሜዳ ላይ፣ ያን የሚያህል የቴሌቪዥን ማማ ለምን ተከሉ? እኛ ጋ አጫጭሩ ይሠራ የለ?» ነው ያልከው።

ነገሩ ያለው መሬቱ ላይ ነው። ማማው ያለበት የሬድ ሪቨር ሸለቆ በስም ሸለቆ ይባል እንጂ ጥንት የትልቅ ሐይቅ ወለል የነበረ ጠፍጣፋ ሜዳ ነው። የቴሌቪዥን ሞገድ ደግሞ በአብዛኛው ቀጥ ብሎ ነው የሚሄደው። ምድር ክብ ስለሆነች ከአድማስ ወዲያ ላለ ቤት አይደርስም። እኛ ጋ ግማሹን ሥራ ተራራው ይሠራል። ድሬዳዋ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ሐረር 1,850 አካባቢ። በሁለቱ መካከል ያለው ደንገጎ ላይ ወጥተህ ቁልቁል ብታይ ይገባሃል፤ እዚያ የሚቆም አጭር አንቴና ሰፊ ሜዳ ያያል። እነሱ ግን የሚወጡበት ዳገት ስለሌላቸው ከፍታውን በብረት ሠሩት።

ያልከው ማማ፣ ብላንቻርድ በምትባል ከተማ አጠገብ ያለው፣ በ1963 እ.ኤ.አ. ሲቆም 628 ሜትር ነበር። ከዚያ ከፍታ ሞገዱ 100 ኪሎ ሜትር ገደማ ይዘልቃል። የተራራቁ እርሻዎችን በአንድ ማማ ማዳረስ ትልቅ ነገር ነው! ራሱን ችሎ ግን አይቆምም። ቀጭን ነው፣ ዙሪያውን በብረት ገመድ ተወጥሮ ነው የሚኖረው። ጠላቱ ብረቱ ላይ የሚጋገር በረዶ ነው፤ በ1997 እ.ኤ.አ. እዚያው አካባቢ የነበረ አቻው በበረዶና በንፋስ ወድቋል። የድሬን ሙቀት ለለመደ ሰው ይህን ማሰቡ ራሱ ይከብዳል።

በ2019 እ.ኤ.አ. ጫፉ ላይ የነበረው አንቴና ስለወረደ አሁን 605 ሜትር አካባቢ ነው። ሁለት ዓይነት ቁጥር ካየህ ግር አይበልህ።