ቅጠል የሌለውን ኦርኪድ ቤቴ ላሳድግ?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። አንድ ቪዲዮ ላይ ቅጠል የሌለው፣ ነጭ አበባው አየር ላይ የቆመ የሚመስል ኦርኪድ አይቼ ፍዝዝ ብዬ ቀረሁ። ጎስት ኦርኪድ ይባላል አሉ። ከዚያ ኢንተርኔት ላይ ዘሩን የሚሸጥ ሰው አገኘሁ፤ የማስታወቂያውን ፎቶ ልኬልዎታለሁ። ልግዛው? ቤት ውስጥስ ይበቅላል? ደግሞ የተጣበቀበትን ዛፍ አያደርቀውም?
አበባ ወዳዷ

መልስ፦ እህቴ፣ ገንዘቡን ካልላክሽ አትላኪው። ፎቶውን አጉልቼ አየሁት። አበባው ሰማያዊ ነው። ጎስት ኦርኪድ ሰማያዊ አበባ የለውም፤ ነጭ ነው፣ ትንሽ ወደ አረንጓዴ ቢያደላ ነው። ከረጢቱ ውስጥ ያለው ዘር ደግሞ ባቄላ ያክላል። የኦርኪድ ዘር እፍ ቢሉት የሚጠፋ ብናኝ ነው። ሰውየው በቅጡ ለመዋሸት እንኳ አልደከመም።

እውነተኛው ዘር ቢደርስሽም ችግሩ አያልቅም። ያ ብናኝ ስንቅ የለውም፤ ለመብቀል የሚሆን ምግብ በውስጡ አልተቋጠረም። ዱር ውስጥ ቅርፊት ላይ ሲያርፍ፣ የሚስማማው ፈንገስ እዚያ መኖር አለበት። ፈንገሱ ዘሩ ውስጥ ገብቶ ይመግበዋል። ካልተገናኙ ዘሩ እዚያው ይቀራል። ተክሉ ካደገ በኋላም ፈንገሱ ከሥሮቹ አይለይም።

ይህ ኦርኪድ የኩባና የደቡብ ፍሎሪዳ ረግረጋማ ደኖች ተወላጅ ነው። ዣን ዡል ሊንደን የተባለ ዕፅዋት ሰብሳቢ እ.ኤ.አ. በ1844 ኩባ ውስጥ አገኘው፤ ሳይንሳዊ ስሙም፣ ዴንድሮፊላክስ ሊንዴኒ፣ ከእሱ የመጣ ነው። ፍሎሪዳ ውስጥ በብዛት የሚጣበቀው ፖፕ አሽ በሚባል ዛፍና የጊሽጣ ዘመድ በሆነው ፖንድ አፕል ላይ ነው። ዛፎቹ የቆሙት ውሃ ውስጥ ነው። ውሃው አየሩን እርጥብ ያደርጋል፣ ብርድ ሲመጣም ይከላከላል። ረግረጉ በቦይ ሲጠነፈፍ፣ ማንም ሳይነካው ኦርኪዱ ይጎዳል።

ስለ ዛፉ አትጨነቂ። ኦርኪዱ ቅርፊቱን ይዞ ይቀመጣል እንጂ ዛፉን አይመጠምጥም። ሥሮቹ አረንጓዴ ናቸው፤ የቅጠሉን ሥራ ይዘውታል፣ ከፀሐይ ብርሃን ምግብ ያዘጋጃሉ። ውሃ የሚያገኙት ከዝናብና ከእርጥበት ነው። አበባውን የሚሸከመው ዘንግ በጣም ቀጭን ስለሆነ ከርቀት አይታይም። አየር ላይ የቆመ የመሰለሽ ለዚህ ነው።

እኔን የሚገርመኝ ግን የሌሊት እንግዶቹ ጉዳይ ነው። አበባው ማታ ማታ ያውዳል። ወለላው ያለው ከ10 ሳንቲ ሜትር በላይ በሚረዝም ቀጭን ቱቦ ውስጥ ነው። ስለዚህ ረጅም ምላስ ያላቸው ትልልቅ የእሳት እራቶች ናቸው የሚደርሱበት። ለብዙ ጊዜ ጃይንት ስፊንክስ የሚባለው ብቻ እንደሚያዳቅለው ይገመት ነበር። እ.ኤ.አ. በ2019 ይፋ የሆኑ ፎቶዎች ግን ፊግ ስፊንክስ የተባለውን ሌላ ዝርያ ጭንቅላቱ ላይ የአበባውን ዱቄት ተሸክሞ አሳዩ። ፎቶ አንሺዎቹ ይህንን ያገኙት በራሱ የሚያነሳ ካሜራ ረግረግ ውስጥ ተክለው ነው።

ከዱር የተነቀለ ነው ብሎ የሚሸጥልሽ ካለ ደግሞ ባሰ። እ.ኤ.አ. በ1994 ፋካሃቺ በተባለው የፍሎሪዳ ጥብቅ ረግረግ ኦርኪድ በጆንያ ሞልተው ሲወጡ የተያዙ ሰዎች ፍርድ ቤት ቆመዋል። የዱር ኦርኪድን ያለ ፈቃድ ከአገር አገር ማሻገርም የዱር እንስሳትና ዕፅዋትን ዓለም አቀፍ ንግድ በሚቆጣጠረው በሳይተስ ስምምነት የተከለከለ ነው።

ፈጽሞ አይበቅልም ግን አልልሽም። የፍሎሪዳ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ዘሩን ከጀርም በጸዳ ጠርሙስ ውስጥ፣ ምግቡን ራሳቸው አዘጋጅተው አብቅለውታል፤ ችግኞቹንም ረግረጉ ውስጥ ዛፍ ላይ መልሰው ተክለዋል። ይህ የላብራቶሪ ሥራ ነው። ሳሎን ውስጥ ያለው ደረቅ አየር አያኖረውም።

ኦርኪድ ካማረሽ ከችግኝ ጣቢያ ፋላኖፕሲስ ግዢ። እሱም በተፈጥሮው ዛፍ ላይ የሚኖር ነው፣ ለገበያ የሚቀርበው ደግሞ ከዱር ሳይነቀል የተራባ ነው። ውስጡን በሚያሳይ የፕላስቲክ ዕቃ ውስጥ ትከይው፤ አፈር ሳይሆን የዛፍ ቅርፊት ስብርባሪ አድርጊለት። ሥሮቹ ብርማ ሲሆኑ ውሃ አጠጪው፣ አረንጓዴ ከሆኑ ተይው።