ዕቁቡን ተወው፣ ሜትሩን ይዘህ ሂድ

በዚህ ሳምንት የምመልሰው ደብዳቤ ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ የመጣ ነው። ጸሐፊው 24 ዓመቱ ነው። በልጅነቱ ከአዲስ አበባ መጥቶ አሁን ጎማ ቤት ይሠራል። ማታ ማታ ክፍሉ ውስጥ በኮምፒውተር አይሬሲንግ የሚባለውን የመኪና ውድድር ይነዳል። ባለፈው ሐምሌ ጓደኛው ቶርንበርግ ወዳለው የመኪና ውድድር ትራክ፣ ዶሚኒየን ሬስዌይ፣ ወሰደው። “ከዚያ ቀን ወዲህ ሌላ ነገር አይታየኝም” ይላል። ዕቁብ ሲደርሰው ያገለገለ ሌት ሞዴል፣ ማለትም ለአጭር ትራክ የሚሠራ የውድድር መኪና፣ ሊገዛ አስቧል። አባቱ ደግሞ “ለመሞት ብለህ ገንዘብ ትከፍላለህ?” ብለውታል። ጥያቄው አጭር ነው። “ሥራዬን ለቅቄ ስቶክ ካር (የመንገድ መኪና መልክ ያለው የውድድር መኪና) ነጂ ልሁን ወይ?”

ወንድሜ፣ መልሴን አስቀድሜ ልንገርህ። ሥራህን አትልቀቅ። የዕቁቡንም ብር መኪና ላይ አታፍስስ፣ ቢያንስ የመጀመሪያውን ዓመት። ትራኩን ተወው ግን አላልኩህም። እንዲያውም በሚቀጥለው ቅዳሜ ብትሄድ ደስ ይለኛል። የምትገባበት በር ግን ካሰብከው ሌላ ነው።

በዚህ ደረጃ ነጂ አድርጎ የሚቀጥርህ ሰው የለም ማለት ይቀላል። የአሜሪካን የስቶክ ካር ውድድር የሚመራው ድርጅት ናስካር ይባላል። በቴሌቪዥን የምናየው ካፕ ሲሪስ የዚያ ጫፉ ነው። ከሥሩ በየክልሉ ቅዳሜ ማታ የሚሮጥባቸው አጫጭር ትራኮች አሉ። አንተ ያየኸው አንዱን ነው። ሳውዝ ቦስተን አለ፣ ሀምፕተን ውስጥ ላንግሊ አለ። ሰሜን ካሮላይና ላይ ከ1951 ጀምሮ ያለው ሂኮሪ አለ። ዊንስተን ሴለም ውስጥ ደግሞ የአሜሪካን ፉትቦል ሜዳ ዙሪያ ሩብ ማይል አስፋልት ተነጥፎ፣ ከ1949 ጀምሮ ናስካር ይሮጥበታል፤ ቦውማን ግሬይ ይባላል። (ዓመቶቹ ሁሉ የፈረንጅ ናቸው።) እዚያ የሚነዱት አብዛኞቹ ሰኞ ጠዋት ሥራ የሚገቡ ሰዎች ናቸው። ነጂነቱ ሙያቸው ነው፣ እንጀራቸው ግን ከሌላ ቦታ ነው የሚመጣው።

ሽልማቱስ? ብዙ ጊዜ አንደኛ ወጥተህም የማታውን ወጪ አይሸፍንልህም። ጎማ አለ። የውድድር ቤንዚን አለ። የመግቢያ ክፍያ አለ። ለሚረዱህ ልጆች ወደ ፒት፣ መኪናው ወደሚዘጋጅበት ቦታ፣ ማለፊያ ትገዛለህ። መኪናውን የሚጎትት ፒካፕና ተሳቢ ያስፈልጋል። ከግድግዳው ጋር ከተሳሳምክ ደግሞ ሒሳቡ ሌላ ነው።

ይህን የምለው አንድ የሚቆጨኝ ነገር ስላለ ነው። ከዓመታት በፊት እንዳንተ ያለ ልጅ ሊያማክረኝ መጥቶ ነበር። ያጠራቀመውን ሁሉ ሰጥቶ የውድድር መኪና ሊገዛ ነው። ዓይኑ ሲያበራ አይቼ “በርታ” አልኩት። መኪናው ሦስት ቅዳሜ ሮጠ። ከዚያ ሰው ጓሮ ሸራ ለብሶ ቀረ። መኪና የሚገዛበት ገንዘብ ነበረው፤ የሚያስሮጥበት ግን አልነበረውም። የመኪናው ዋጋ መግቢያ ብቻ መሆኑን ያኔ አላውቅም ነበር።

ጆሽ ቤሪን ታውቀዋለህ ብዬ እገምታለሁ፤ አይሬሲንግ የሚነዳ ሰው ሁሉ ስሙን ይጠራል። ቴነሲ ውስጥ የባንክ ቴለር ነበር። በኮምፒውተሩ ውድድር ከታዋቂው የካፕ ነጂ ከዴል ኧርንሃርት ጁኒየር ጋር ተዋወቀ፣ ጁኒየርም በቡድኑ ሌት ሞዴል ላይ አስቀመጠው። ሰው ታሪኩን እዚህ ላይ ያቆመዋል፤ ተረት ስለሚመስል። ከዚያ በኋላ ግን ልጁ አሥር ዓመት ያህል አጭር ትራክ ላይ ነዳ። በ2020 የናስካር ሳምንታዊ ውድድሮች የአገር አቀፍ ሻምፒዮን ሆነ። በ2021 ማርቲንስቪል ላይ በሁለተኛው እርከን፣ በኤክስፊኒቲ፣ ሲያሸንፍ 30 ዓመቱ ነበር። በካፕ የመጀመሪያ ድሉን ያገኘው በ2025 ላስ ቬጋስ ላይ ነው፤ በ34 ዓመቱ። እሱ እንግዲህ ዕድለኛው ነው።

ፊሊፕ ሞሪስን ደግሞ ተመልከት። ስሙ እንደ ሲጋራው ፋብሪካ ነው፣ ሰውየው ግን የቨርጂኒያ ሌት ሞዴል ነጂ ነው። ያንኑ የአገር አቀፍ ሻምፒዮና አምስት ጊዜ ወስዷል፤ የመጀመሪያውን በ2006፣ የመጨረሻውን በ2018። ካፕ ውስጥ ግን አታገኘውም። ሪቺ ኢቫንስ ሞዲፋይድ በሚባለው ሌላ ዓይነት የውድድር መኪና ዘጠኝ ጊዜ ሻምፒዮን ሆኗል፣ ስምንቱን በተከታታይ። መናኸሪያው ሮም የምትባል የኒው ዮርክ ከተማ ውስጥ ያለ ጋራዡ ነበር። በ2012 ናስካር የክብር አዳራሹ ውስጥ አስገባው። እነዚህ ሰዎች ወደ ላይ መውጣት ያቃታቸው አይደሉም። ሥራው ራሱ ይህ ነው፤ ክልልህ ውስጥ የምትፈራ ነጂ መሆን።

“ራጃ ካሩት ከዋሽንግተን ወጥቶ ሆኖለት የለ?” ብለህ ጽፈሃል። ልክ ነህ። ዲሲ ያደገ ጥቁር ልጅ ነው፣ የጀመረውም እንዳንተ በኮምፒውተር ነው። ናስካር ጥቁሮችንና ሴቶችን ወደ ስፖርቱ ለማምጣት በ2004 ባቋቋመው ድራይቭ ፎር ዳይቨርሲቲ በኩል ገብቶ፣ በ2024 ላስ ቬጋስ ላይ የናስካርን የፒካፕ መኪኖች ውድድር አሸነፈ። ሁለት ነገር ግን ልብ በል። አንደኛ፣ በሩ ሲከፈትለት ገና የሃይስኩል ዕድሜ ላይ ነበር። ሁለተኛ፣ ጎን ለጎን ዊንስተን ሴለም ስቴት ዩኒቨርሲቲ የሞተር ስፖርት ማኔጅመንት ይማር ነበር። መሪውን ይዞም ደብተሩን አልጣለም።

አሁን ወደ ሥራህ ልምጣ። ደብዳቤህ ውስጥ “ጎማ ቤት ነው የምሠራው፣ ያው ጎሚስታ ነኝ” የምትል አንዲት መስመር አለች፤ ያፈርክባት ትመስላለህ። እኔ ግን ከደብዳቤህ ሁሉ ደጋግሜ ያነበብኩት እሷን ነው።

አንተ ቀኑን ሙሉ የምትደክመው ጎማዎቹ እኩል እንዲሆኑ ነው። ኦቫል፣ ማለትም ሞላላ፣ ትራክ ላይ ይህ ይገለበጣል። መኪናው ሁልጊዜ ወደ ግራ ነው የሚዞረው። ስለዚህ የቀኙ የኋላ ጎማ ዙሪያው ሆን ተብሎ ከግራው እንዲበልጥ ይደረጋል። ልዩነቱን ስታገር ይሉታል። የወረቀት ኩባያ ጠረጴዛ ላይ አንከባልል፤ ወደ ጠባቡ በኩል ዞሮ ይመጣል። ነገሩ ያ ነው። ቀጭን የብረት ሜትር ጎማው ላይ ይጠመጠማል፣ ቁጥሩ በጠመኔ እዚያው ጎማው ላይ ይጻፋል። ንፋስ ስትጨምር ቁጥሩ ይቀየራል። ጎማው ሲግል ግፊቱ ይወጣል፣ ቁጥሩም እንደገና ይቀየራል። መኪናው ከልምምድ እንደገባ አንዱ ልጅ ሮጦ የእያንዳንዱን ጎማ ሙቀት ሦስት ቦታ ይለካል፦ ውስጡን፣ መሃሉን፣ ውጩን። መሃሉ ከጠርዞቹ በላይ ከጋለ ንፋሱ በዝቷል። ጠርዞቹ ከበለጡ አንሷል። አሽከርካሪው “መኪናው አልዞር አለኝ” ሲል መልሱ ብዙ ጊዜ እነዚህ ቁጥሮች ውስጥ አለ።

ይህን ሁሉ የሚሠራው ሰው የጎማ ሰው ነው። ቅዳሜ ማታ እያንዳንዱ ትንሽ ቡድን እጅ ይጎድለዋል፤ የሚረዱት አጎትና የአክስት ልጅ ናቸው። ፒቱ በር ላይ ከፍለህ፣ “ብጎዳ አልከስም” የሚል ወረቀት ፈርመህ ትገባለህ። ከውድድሩ በፊት ሳይሆን፣ ካለቀ በኋላ ዕቃ ሲጭኑ ወደ አንዱ ጠጋ በል። “ጎማ ቤት ነው የምሠራው፣ በሚቀጥለው ሳምንት በነፃ ልርዳችሁ?” በላቸው። እምቢ የሚል አንድ አለ፣ ሁለት አለ። ሦስተኛው ክሪክ ያስይዝሃል። ነጂ የምትሆነውም በዚሁ ነው። አንድ ሙሉ ወቅት ሳትቀር የመጣን ልጅ፣ የልምምድ ቀን ላይ “እስቲ ግባ፣ ጥቂት ዙር ንዳ” የሚለው ሰው አይጠፋም። ባይሉህም ዓመቱ ሲያልቅ ያገለገለ መኪና ስታይ የተጣመመ ሻሲውን ከጤነኛው ትለያለህ። ያኔ ስለ ዕቁቡ እንነጋገራለን። ያኔም ቢሆን ስትሪት ስቶክ ወይም ሌጀንድስ በሚባሉት የጀማሪ መኪኖች ጀምር እንጂ በሌት ሞዴል አይደለም።

ነጂነቱ ባይሳካስ? የጎማ ስፔሻሊስት የካፕ ቡድኖች ደሞዝ የሚከፍሉት ሥራ ነው። ቡድኖቹ አብዛኞቹ ሻርለት አካባቢ ናቸው፤ ሙርስቪልና ኮንኮርድ። ብሬሃና ዳኒየልስ የኖርፎክ ስቴት የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ነበረች፤ ዛሬ የምትታወቀው ፒት ላይ ጎማ በመቀየር ነው። የገባችውም ያው ዳይቨርሲቲ ፕሮግራም ያሠለጥን በነበረው የፒት ቡድን በኩል ነው። ቅርብህ ደግሞ የኖርዘርን ቨርጂኒያ ኮሚዩኒቲ ኮሌጅ የአውቶሞቲቭ ትምህርት አለ። የማታ ክፍል ካለው ጠይቅ።

አባትህን በተመለከተ፣ አትከራከራቸው። ፍርሃታቸው ከሜዳ የመጣ አይደለም። ያ ዘጠኝ ጊዜ ሻምፒዮን ያልኩህ ሪቺ ኢቫንስ በ1985 ማርቲንስቪል ላይ ልምምድ ሲያደርግ ነው የሞተው። የጁኒየር አባት፣ ትልቁ ዴል ኧርንሃርት፣ በ2001 ዴይቶና ላይ ሞተ። ናስካር አንገትን የሚይዘውን መሣሪያ ግዴታ ያደረገው በዚያው ዓመት ነው። ስለዚህ ገንዘብ ስታወጣ መጀመሪያ ለእሱ አውጣ፣ ከሞተር በፊት። ሄልሜት የሰው አሮጌ አትግዛ። የሞተር ሳይክሉም አይሆንም፤ ኤስኤ የሚል የስኔል (የሄልሜት ፈታሽ ድርጅት) ምልክት ያለበት፣ እሳት ታሳቢ ተደርጎ የተፈተሸ መሆን አለበት። ዕቃውን ቤት አምጥተህ አባትህ ፊት አስቀምጠው። ይነኩት፣ ይመዝኑት። ከሁሉ በላይ ደግሞ አንድ ቅዳሜ አብረውህ ይምጡ።

ስፖንሰር ልፈልግ ያልከው ይቆይ። የሐበሻ ሱቆችና ምግብ ቤቶች ስማቸውን የመኪና በር ላይ ሊያስጽፉ ይችላሉ፣ ለእግር ኳስ ቡድኖቻችን ማሊያ ሲገዙ ኖረዋልና። ግን ዛሬ ሄደህ የምታሳያቸው ፎቶ እንኳ የለህም። የሽልማት ገንዘብ ካገኘህም ገቢ ነው፣ ታክስ አለበት። ደረሰኝህን ከመጀመሪያው ቀን ያዝ።

ለቅዳሜ ረጅም ሱሪና የተዘጋ ጫማ አድርግ። ክፍት ጫማ ለብሰህ ፒት ውስጥ አትግባ። ሜትሩን ስትገዛም እየው፤ ቀጭን ብረት ይሁን፣ በኢንች የሚለካ።