ሰዓት፣ ቦምብና የፓስታ ሊጥ፦ ስለ ፊዚክስና ስለ ልብ ወለድ የደረሱኝ ጥያቄዎች

በዚህ ወር ከደረሱኝ ጥያቄዎች መካከል ብዙዎቹ በአንድ ጉዳይ ዙሪያ የሚሽከረከሩ ሆነው አገኘኋቸው፦ ዘመናዊው ፊዚክስ በደራሲዎች ምናብ ላይ ምን አደረገ? ስለዚህ ሌሎቹን ለጊዜው አቆይቼ ዛሬ እነዚህን ብቻ እመልሳለሁ። ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ የመጻሕፍቱን ርእሶች ደግሞ ለአንባቢ እንዲመች እኔው ወደ አማርኛ መልሻቸዋለሁ።

«በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊዚክስ አስተምራለሁ። ተማሪዎቼ የአንጻራዊነትን ቀመር ይሸመድዱታል እንጂ የጊዜ መዘግየት ምን እንደሆነ አይታያቸውም። የሚያግዘኝ ልብ ወለድ ይኖር ይሆን?» (ከደሴ)

አለ፤ ያውም በጣም አጭር። አሜሪካዊው አለን ላይትማን ራሱ የፊዚክስ ሊቅ ሲሆን፣ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ባሳተመው «የአይንስታይን ሕልሞች» በተሰኘ መጽሐፉ፣ በ1905 በበርን ከተማ በፓተንት (የፈጠራ መብት) መሥሪያ ቤት ይሠራ የነበረው ወጣቱ አይንስታይን አያቸው ያላቸውን ወደ ሠላሳ የሚጠጉ ሕልሞች ይተርካል። በእያንዳንዱ ሕልም ጊዜ የተለየ ጠባይ አለው። በአንዱ ሕልም ጊዜ ፈጽሞ የቆመበት አንድ ስፍራ አለ፤ የዝናብ ጠብታዎች አየር ላይ ተንጠልጥለው ቀርተዋል፣ ውሾች አፋቸውን ወደ ሰማይ እንዳነሡ ድምፃቸው ሳይሰማ ደርቀዋል፤ ወደዚያ የሚጓዙትም ልጆቻቸውን አቅፈው እንዲያ ለዘላለም መቅረት የሚፈልጉ ወላጆችና የሚዋደዱ ጥንዶች ናቸው። ደራሲው ስለ ፊዚክስ ሕግ አንድም ቃል ሳያስተምር፣ «ሕጉ እንዲህ ቢሆን ኖሮ ሰው እንዴት ይኖር ነበር?» ብሎ ብቻ ይጠይቃል። እኔ በዚህ ዓይነት መጻሕፍት ላይ የምፈርደው በዚሁ ጥያቄ ነው።

ለክፍልዎ ግን የተራሮቹን ሕልም እንዲመርጡ እመክራለሁ። በዚያ ዓለም ሊቃውንት ከመሬት እምብርት በራቁ መጠን ጊዜ ቀስ እንደሚል ደረሱበት፤ ስለዚህ እርጅናን የፈራ ሁሉ ቤቱን ተራራ ላይ፣ ያም አልበቃ ብሎት በረጃጅም ምሰሶዎች ላይ ሠራ፣ ታች የቀሩትንም መናቅ ጀመረ። ትውልድ ሲያልፍ ወደ ላይ የወጡበት ምክንያት ተረሳ፤ ሰዎቹም እንደ ተራራው አየር ሳስተው፣ አጥንታቸው ገጥጦ፣ ያለ ዕድሜያቸው አረጁ። ተማሪዎችዎ ይህን ካነበቡ በኋላ በእውነተኛው ፊዚክስ ነገሩ እንዲህ ነው ወይ ብለው ይጠይቋቸው። ተገላቢጦሽ ነው፤ ከፍ ያለው ሰዓት ይፈጥናል እንጂ አይዘገይም። በ2010 በኮሎራዶ ግዛት፣ በቦልደር ከተማ ተመራማሪዎች ሁለት የአቶም ሰዓቶችን አንዱን ከሌላው በ33 ሴንቲሜትር ብቻ ከፍ አድርገው ልዩነቱን ለክተውታል። እኔም ወረቀት ይዤ እንዳሰላሁት፣ ሰባ ዓመት አዲስ አበባ የኖረ ሰው ጅቡቲ ወደብ ላይ ከኖረው እኩያው በሺህኛ ሰከንድ ግማሽ ያህል ይበልጥ ያረጃል። ቁጥሩ ኢምንት ነው፤ ተማሪ ግን ስሌቱን ራሱ ከሠራው አይረሳውም።

«የሆኪንግን መጽሐፍ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስት ጊዜ ተውኩት። ሒሳብ ስለማልችል ይሆን?» (ከአዲስ አበባ)

አይደለም። ስቲቨን ሆኪንግ በ1988 ያሳተመው የጊዜ አጭር ታሪክ ከአሥር ሚሊዮን ቅጂ በላይ የተሸጠ መጽሐፍ ነው፤ እያንዳንዱ ቀመር የገዢውን ቁጥር በግማሽ ይቀንሰዋል ተብሎ ስለተነገረው ደራሲው የአይንስታይንን አንድ ታዋቂ ቀመር ብቻ አስቀርቷል። ነገር ግን ቀመሩ ወጣ ማለት ሐሳቡ ቀለለ ማለት አይደለም፤ በአንድ አንቀጽ ውስጥ የአንድ ወር ትምህርት የታጨቀበት ጊዜ አለ። ገዝተውት መደርደሪያ ላይ ካቆሙት መካከል እርስዎ ብቸኛው አይደሉም።

ከእሱ በፊት የጆርጅ ጋሞቭን ሚስተር ቶምፕኪንስ ያንብቡ። ጋሞቭ ትውልዱ ከኦዴሳ የሆነ የፊዚክስ ሊቅ ነበር፤ ቶምፕኪንስ ደግሞ የፊዚክስ ንግግር ሊሰማ ሄዶ እንቅልፍ የሚወስደው የባንክ ጸሐፊ ነው። በሕልሙ የብርሃን ፍጥነት እጅግ ዝቅ ያለበት ከተማ ይገባል፤ ብስክሌት የሚነዳው ጎረምሳ ከፊት ወደ ኋላ ተጨፍልቆ ይታየዋል፣ እሱ ራሱ ብስክሌት ላይ ሲወጣ ደግሞ መንገዱ ያጥርና የሱቆቹ መስኮቶች ይጠባሉ። ባቡር ጣቢያ ሲደርስ፣ አርባዎቹ ውስጥ ያለ አንድ ጎልማሳ ከባቡር ሲወርድ አንዲት ሽበታም አሮጊት «አያቴ!» ብለው ይቀበሉታል። ሰውየው ሥራው ዘወትር በባቡር የሚያስኬደው ስለሆነ ከልጅ ልጁ ይልቅ ወጣት ሆኖ ቀርቷል። (ለጠንቃቃ አንባቢ ይህን ልጨምር፦ በ1959 ሮጀር ፔንሮዝና ጄምስ ቴረል በየፊናቸው እንዳሳዩት፣ በዚያ ፍጥነት የሚሄድ ነገር ለዓይን የሚታየው የተጨፈለቀ ሳይሆን ዞር ያለ መስሎ ነው። ጋሞቭ የጻፈው ይህ ከመታወቁ ሃያ ዓመት ገደማ በፊት ስለሆነ አንፈርድበትም።)

«የአቶሚክ ቦምብ ሐሳብ የመጣው ከልብ ወለድ ነው ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው ወይስ ወሬ?» (ከሪያድ)

ግማሹ እውነት ነው፤ ግማሹም ቢሆን ከወሬው ይልቅ ያስገርማል። እንግሊዛዊው ኬሚስት ፍሬድሪክ ሶዲ በ1909 ራዲየም ስለተባለው ጨረር አመንጪ ንጥረ ነገር ለተራው አንባቢ የሚያስረዳ መጽሐፍ አሳተመ። ኤች. ጂ. ዌልስ ያንን አነበበና በ1914 «ነጻ የወጣው ዓለም» የተሰኘውን ልብ ወለድ አወጣ፤ መታሰቢያነቱንም ለሶዲ መጽሐፍ ሰጥቶ፣ በተለይ ከአሥራ አንደኛው ምዕራፍ ብዙ እንደወሰደ ሳይደብቅ መሰከረ። በልብ ወለዱ ውስጥ አንድ አውሮፕላን በርሊን ላይ ይደርሳል፤ ቦምብ ጣዩ ባለ ሁለት እጀታ ጥቁር ክብ ነገር ከሣጥን ያነሣል፣ አየር እንዲገባበት በእጀታዎቹ መካከል ያለችውን ትንሽ መክደኛ በጥርሱ ይነክሳትና ወደ ታች ይወረውረዋል። ዛሬ ይህን የሚያነብ ሰው ፈገግ ማለቱ አይቀርም። ይሁንና ቦምቡ የተሠራበት፣ ዌልስ ራሱ የፈጠረው ንጥረ ነገር ግማሽ ዕድሜው አሥራ ሰባት ቀን ነው፤ ስለዚህ ፍንዳታው በአሥራ ሰባት ቀን በግማሽ፣ በሌላ አሥራ ሰባት ቀን በግማሹ ግማሽ እየቀነሰ ይሄዳል እንጂ ፈጽሞ አይጠፋም፣ የወደቀበት መሬትም ለሰው የማይቀረብ ሆኖ ይቀራል። ይህ ስሌት በቀጥታ ከራዲዮአክቲቭ ሳይንስ የተወሰደ ነው።

የሃንጋሪ ተወላጅ የሆነው የፊዚክስ ሊቅ ሊዮ ሲላርድ ይህን ልብ ወለድ ያነበበው በ1932 ነው፤ ጄምስ ቻድዊክ በአቶም እምብርት ውስጥ ያለችውን ኒውትሮን የተባለች ቅንጣት ያገኘው በዚያው ዓመት ነበር። በማግስቱ ዓመት ሲላርድ ከናዚዎች ሸሽቶ ለንደን ገባ። በመስከረም ወር 1933፣ ታላቁ የፊዚክስ ሊቅ ራዘርፎርድ ከአቶም የኃይል ምንጭ ይገኛል ማለት ከንቱ ሕልም ነው ማለቱን ጋዜጣ ላይ አንብቦ ተበሳጨ፤ እያሰላሰለ ሲሄድም ሳውዝሃምፕተን ሮው በተባለው ጎዳና የትራፊክ መብራት አስቆመው። መብራቱ ተለውጦ መንገዱን ሲያቋርጥ፣ አንድ ኒውትሮን ውጦ ሁለት የሚተፋ ንጥረ ነገር ቢገኝ ምላሹ እንደ ሰንሰለት ሊቀጥል እንደሚችል እንደታየው በኋላ ራሱ ተርኳል። በ1934 የፓተንት ማመልከቻ አስገባ፤ ምስጢሩ እንዳይወጣም በ1936 ፓተንቱን ለብሪታንያ የባሕር ኃይል መሥሪያ ቤት አስተላለፈ። ለምን ደበቀው? ዌልስን ስላነበበ ውጤቱ ምን እንደሚሆን ያውቅ ነበርና፤ ይህም የራሱ ቃል ነው።

እንግዲህ ሐሳቡ የመጣው ከኒውትሮን ነው፤ ፍርሃቱ ግን ከልብ ወለድ። በ1945 የበጋ ወራት ቦምቡ በጃፓን ላይ እንዳይጣል የሚማጸነውን ደብዳቤ ጽፎ ፊርማ ያሰባሰበው ይኸው ሲላርድ መሆኑን ሳስብ፣ መጽሐፉ እስከዚያ ድረስ ከውስጡ እንዳልወጣ ይሰማኛል።

«ልብ ወለድ ለፊዚክስ ውለታ የመለሰበት ሌላ ጊዜ አለ?» (ከአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ፣ ባሕር ዳር)

አለ፣ እህቴ። ካርል ሴገን በ1985 ያሳተመውን «ግንኙነት» የተባለ ልብ ወለድ ሲጽፍ፣ ሴት ባለታሪኩን ቬጋ ወደተባለችው ሩቅ ኮከብ በፍጥነት ማድረስ ፈለገና በጥቁር ጉድጓድ፣ ብርሃን እንኳ በማያመልጠው የሕዋ አካል በኩል ላካት። ረቂቁን የላከለት የፊዚክስ ሊቅ ኪፕ ቶርን «በዚያ ከገባች በሕይወት አትወጣም» ባይ ነበር፤ በምትኩም ሁለት የሕዋ ክፍሎችን የሚያገናኝ፣ ትል ፖም ውስጥ እንደሚሰረስረው ዓይነት መተላለፊያ እንዲጠቀም መከረው። ቶርን ጉዳዩን በዚያ አልተወውም። በ1988 ከተማሪው ከማይክል ሞሪስ ጋር፣ እንዲህ ያለው መተላለፊያ ክፍት ሆኖ እንዲቆይ ምን እንደሚያስፈልግ የሚያሰላ ጽሑፍ በአንድ የፊዚክስ መምህራን መጽሔት ላይ አወጡ። እስካሁን በሕዋ ውስጥ አንድም አልተገኘም፤ ስሌቱ ግን ዛሬም የሌሎች ጥናቶች መነሻ ነው።

«ትይዩ ዓለማት የሚባለውን መጀመሪያ ያሰቡት የፊዚክስ ሰዎች ናቸው ወይስ ደራሲዎች?» (ከቴል አቪቭ)

በቀኑ ከሄድን ደራሲው ይቀድማል። አርጀንቲናዊው ሆርሄ ሉዊስ ቦርሄስ በ1941 «መንታ መንገዶች ያሉበት የአትክልት ስፍራ» በተሰኘ አጭር ልብ ወለድ፣ ባለታሪኩ አንዱን ምርጫ መርጦ ሌላውን የማይጥልበት፣ ሁሉም ምርጫዎች በአንድነት የሚፈጸሙበትና ጊዜ እንደ ዛፍ የሚንሰራፋበት አንድ መጽሐፍ ፈጠረ። የፊዚክስ ሊቁ ሂው ኤቨሬት ስለ ኳንተም (ስለ ጥቃቅን ቅንጣቶች) ልኬት፣ ሊሆኑ የሚችሉት ውጤቶች ሁሉ በየራሳቸው ዓለም ይፈጸማሉ የሚል ተመሳሳይ ነገር ያቀረበው ከአሥራ ስድስት ዓመት በኋላ፣ በ1957 ነው። ኤቨሬት ከቦርሄስ ቀዳ የሚያሰኝ ነገር የለም፤ ቦርሄስ የተነሣው ከፍልስፍናና ከስነ ጽሑፍ ሲሆን ኤቨሬት ከእኩልታ ነው። ሆኖም በ1973 የኤቨሬት ሐሳብ በመጽሐፍ ተሰብስቦ ሲወጣ አዘጋጆቹ መግቢያው ላይ ያኖሩት ጥቅስ የቦርሄስ ነበር።

«ኳንተም ፊዚክስ የተመኙትን ሀብት እንደሚስብ የሚናገር መጽሐፍ ገዛሁ። ሳይንስ ነው?» (ከሲልቨር ስፕሪንግ)

አይደለም፤ ገንዘብዎን በማባከንዎ አዝናለሁ። ኳንተም ላይ «መመልከት» ማለት መሣሪያ ከአንዲት ቅንጣት ጋር መገናኘቱ ነው እንጂ ሰው ተመኝቶ ማፍጠጡ አይደለም፤ የአንዲትን ቅንጣት ቦታና ፍጥነት በአንድ ጊዜ በትክክል ማወቅ አይቻልም የሚለው የጀርመናዊው የፊዚክስ ሊቅ የሃይዘንበርግ ሕግም ለኤሌክትሮን የሚያስቀምጠው ገደብ በቁጥር የተወሰነ ነው፣ እንደ ባንክ ሒሳብ ባለ ትልቅ ነገር ላይ ግን ውጤቱ አይታይም። «ሁሉም ነገር አንጻራዊ ነው» የሚለውም አባባል ከዚሁ ወገን ነው። የአይንስታይን ንድፈ ሐሳብ የቆመው አንጻራዊ ባልሆነ ነገር ላይ ነው፤ የብርሃን ፍጥነት ለተመልካቾች ሁሉ በሰከንድ 299,792,458 ሜትር መሆኑ ላይ።

የሃይዘንበርግን ሐሳብ በአግባቡ የተጠቀመ ሥራ ከፈለጉ የማይክል ፍሬንን «ኮፐንሃገን» የተሰኘ ተውኔት ያንብቡ። በ1998 ለንደን መድረክ ላይ የወጣ ሲሆን ተዋናዮቹ ሦስት ብቻ ናቸው፤ ሃይዘንበርግ፣ ዴንማርካዊው የፊዚክስ ሊቅ ኒልስ ቦርና የቦር ሚስት ማርግሬቴ። ሦስቱም ከሞቱ በኋላ ተገናኝተው፣ ሃይዘንበርግ በመስከረም 1941 በጀርመን ወደተያዘችው ኮፐንሃገን የመጣው ለምን እንደነበር ደጋግመው ይተርካሉ፤ በደገሙት ቁጥር ነገሩ መልኩን ይለውጣል። የተውኔቱ መነጋገር አስከትሎ በ2002 ቦር ለሃይዘንበርግ ጽፎ ያልላካቸው ረቂቅ ደብዳቤዎች ይፋ ወጡ፤ በእነርሱም ቦር፣ ሃይዘንበርግ የጀርመንን የአቶም መሣሪያ ሥራ እየመራ እንደሆነ እንዲሰማው አድርጎት እንደሄደ ጽፏል። ተውኔቱን ያየ ሰው ይህን ማስረጃ ይዞም ቢሆን ክርክሩን አይዘጋውም።

«ፊዚክስ ያለበት አጭር ልብ ወለድ በአማርኛ ልጽፍ አስቤ ቃላቱ አጠሩኝ። ከየት ልጀምር?» (ከአዳማ)

ከቃላቱ አይጀምሩ፤ ከሰዎቹ ይጀምሩ። ጣሊያናዊው ኢታሎ ካልቪኖ በ1965 ባሳተመው የአጫጭር ታሪኮች ስብስብ እያንዳንዱን ታሪክ በአንድ ሁለት ዓረፍተ ነገር የሳይንስ ሐሳብ ይከፍትና ወዲያው ወደ ጎረቤት ወሬ ይገባል። አንዱ ታሪክ ዩኒቨርስ ከመፈንዳቱ በፊት ሁሉም ሰው በአንዲት ነጥብ ላይ ተጨናንቆ ስለነበረበት ጊዜ ነው፤ እንደ ጠባብ የኪራይ ግቢ ሐሜቱና መጠላላቱ ሳይቀር። ከመካከላቸው ሁሉም የሚወዳት አንዲት ወይዘሮ ነበረች። አንድ ቀን፣ ትንሽ ቦታ ቢኖረኝ ፓስታ እሠራላችሁ ነበር ትላለች። ይህን እንደሰሙ ሁሉም ክንዶቿ በመዳመጫው ሊጥ ላይ ወዲያና ወዲህ ሲሉ የሚይዙትን ቦታ፣ ከዚያ ለዱቄቱ የሚያስፈልገውን ስንዴ፣ ለስንዴው እርሻውን፣ ለእርሻው ፀሐይን፣ ለፀሐይዋም ሰማዩን ማሰብ ይጀምራሉ፤ ሲያስቡትም ያ ሁሉ ቦታ ተፈጥሮ ይዘረጋል። ወይዘሮዋ ራሷ ግን በዚያች ቅጽበት ወደ ብርሃንና ሙቀት ተለውጣ ትጠፋለች፤ የነጥቧ ነዋሪዎችም በየጋላክሲው ተበትነው እስከ ዛሬ ያለቅሱላታል።