በርሊንን በሳይክል ከአስጎብኚ ጋር፦ ሁለት ቀን ብቻ ላላት እህታችን

ሰላም እህቴ። ጥያቄሽን አየሁት። ለሥራ በርሊን ትሄጃለሽ፣ ሁለት ቀን ትርፍ አለሽ፣ ከተማዋን በሳይክል ከአስጎብኚ ጋር ልዙር ወይስ በዚያ ጣሪያው ክፍት በሆነው የቱሪስት አውቶቡስ ብለሻል። ሳይክል ከነዳሽ አሥር ዓመት ስላለፈሽም ሰው ፊት እንዳላፍር ብለሽ ፈርተሻል። እኔ ሁለቱንም ሞክሬያለሁ፣ በተለያየ ጊዜ። ስለዚህ ትንሽ ረዘም አድርጌ ልመልስልሽ።

ሳይክሉን ያዢ። እሱንም በመጀመሪያው ቀን ጠዋት፣ ለሁለተኛው እንዳታሳድሪው።

ምክንያቴን ልንገርሽ። በርሊን አንገትሽን ቀና አድርገሽ ብቻ የምታዪያት ከተማ አይደለችም። ትልቁ ታሪኳ ያለው የፈረሰው ነገር ላይ ነው። መጀመሪያ የሄድኩ ጊዜ አውቶቡሱ ፎቅ ላይ ተቀምጬ፣ ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ ሰክቼ፣ "በስተግራ ተመልከቱ" ሲለኝ ወደ ግራ ሳይ ባዶ ቦታ። "እዚህ ጋ ግንቡ ነበር" ሲለኝ አስፋልት። እውነቱን ልንገርሽ፣ እንቅልፍ ወሰደኝ።

በሳይክሉ ጊዜ ግን ያንኑ አስፋልት ስሻገር ጎማዬ ከሥር ኮርኮር አለ። አስጎብኚያችን ወዲያው አቆመንና "አሁን ከምሥራቅ በርሊን ወደ ምዕራብ በርሊን ገባችሁ" አለ። ቁልቁል ሳይ ሁለት ረድፍ ጥርብ ድንጋይ መንገዱን አቋርጦ ይሄዳል። ግንቡ የቆመበት መስመር ነው። አልፎ አልፎ መሬቱ ላይ የብረት ሰሌዳ ተቀብሯል፣ በጀርመንኛ "የበርሊን ግንብ 1961–1989" ይላል። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፍልሽ።) ምዕራብ በርሊንን ዙሪያዋን የከበበው 155 ኪሎ ሜትር ገደማ ነበር። ሰው ሊሻገረው ሲል የተገደለበትን መስመር እኔ በአንድ የፔዳል ምት አለፍኩት። ይሄ ስሜት በማዳመጫ አይመጣም።

አሁን ወደ ፍርሃትሽ። ሳይክል የለመደ ሰው አይረሳም፣ መጀመሪያ አምስት ደቂቃ ትንገዳገጃለሽ፣ ከዚያ ራሱ ይመጣል። ከተማዋም ሜዳ ናት፣ ዳገት የሚባል ነገር አላስታውስም። የኔው ጉብኝት ሦስት ሰዓት ተኩል ገደማ ፈጀ፣ ግን ግማሹን ጊዜ ቆመን ነው የምናዳምጠው። በቡድናችን ውስጥ ስድሳ ዓመት ያለፋቸው ባልና ሚስት ነበሩ፣ ከሁላችንም ፊት እየቀደሙ አስጎብኚውን ያስቸግሩት ነበር።

የሚያሳፍርሽ አለማወቅ ሳይሆን ዝም ማለት ነው። እኔን ይሄ ጎድቶኛል። ሳይክል ሲታደለን በአጉል ይሉኝታ የደረሰኝን ተቀበልኩ። መቀመጫው ለረጅም ሰው የተስተካከለ፣ እግሬ መሬት የሚነካው በጣቴ ጫፍ ብቻ። በየመብራቱ ስንቆም በአንድ እግሬ እየዘለልኩ ነበር የምቆመው። አንድ ሰዓት ሙሉ እንዲያ ተሰቃየሁ! በኋላ አስጎብኚው ራሱ አይቶ መጣና መያዣዋን ፈታ አድርጎ፣ መቀመጫውን ዝቅ አድርጎ፣ መልሶ አጠበቃት። አሥር ሰከንድ አልፈጀም። ስለዚህ ገና ሳትነሺ ከሳይክሉ ጎን ቁሚ፣ መቀመጫው ዳሌሽ አካባቢ መሆን አለበት። እንደ አንቺ ለቆየ ሰው ደግሞ ትንሽ ዝቅ ቢል ይሻላል፣ ሁለቱም እግርሽ መሬት ሲነካ ልብሽ ይረጋል።

ሌላው ፍሬኑ ነው። እዚያ ብዙ የኪራይ ሳይክል ፔዳሉን ወደ ኋላ ስትረግጪው የሚይዝ ፍሬን አለው። እኛ ልጅ ሆነን በሰዓት እየተከራየን ስንነዳ ፔዳል ወደ ኋላ ማሽከርከር ጨዋታ ነበር፣ ካቴናው ቸርቸር ሲል ደስ ይለናል። እዚያ እንዲህ ብትጫወቺ ሳይክሉ ቀጥ ይልና አፍንጫሽ መሪው ላይ ያርፋል። ከመነሳትሽ በፊት ባዶ ቦታ ላይ ሁለት ሦስት ጊዜ ሞክሪው።

የመንገዱን ሕግ አስጎብኚው ይነግራችኋል፣ ግን ሦስቱን ከወዲሁ ያዢ። አንደኛ፣ አዋቂ ሰው የእግረኛ መንገድ ላይ መንዳት ክልክል ነው። የሳይክሉ መስመር ብዙ ቦታ ከእግረኛው መንገድ ጎን ቀላ ያለ ንጣፍ ነው። በእግርሽ ስትሆኚም እዚያ ላይ ቆመሽ ፎቶ አትነሺ፣ ደወል ብቻ አይደለም የሚደርስሽ፣ ቁጣም አለ። ሁለተኛ፣ ቀይ መብራት ለሳይክልም ቀይ ነው። ቅጣቱ ከ60 ዩሮ ይጀምራል። ከ15 በላይ ሆናችሁ በአንድነት ከሄዳችሁ ሕጉ እንደ አንድ ተሽከርካሪ ስለሚቆጥራችሁ የፊተኛው በአረንጓዴ ከገባ የኋለኛው ይከተላል፣ እኛ ግን አሥር አንሞላም ነበር። ስለዚህ ቡድኑ ጥሎኝ ሄደ ብለሽ ደንግጠሽ እንዳትሮጪ፣ ማዶ ቆሞ ይጠብቅሻል። ሦስተኛው የትራም ሀዲድ ነው። በምሥራቁ በኩል መሀል ከተማ ላይ በብዛት አለ። ጎማሽ እሱ ውስጥ ከገባ ወደቅሽ። ጎማሽ ከሀዲዱ ጋር መስቀል እንዲሠራ ቀጥ ብለሽ ቁረጪው እንጂ ከሀዲዱ ጎን ለጎን እየተንሸራተትሽ አትሻገሪው። እኔ ዝናብ ጣል ባደረገበት ሰዓት ይህን ረሳሁና ጉልበቴን ላጥኩ። ሱሪዬም ተቀደደ። የቀረውን ጉብኝት በተቀደደ ሱሪ ነው ያየሁት።

ያየነውን ሁሉ አልዘረዝርልሽም። የቴሌቪዥኑ ማማ (368 ሜትር ነው፣ ከየትም ስለሚታይ ከጠፋሽ እሱን ፈልጊ)፣ የሙዚየሞቹ ደሴት፣ እነዚህን ማንም ያሳይሻል። ቼክፖይንት ቻርሊ ደግሞ፣ በምሥራቅና በምዕራብ በርሊን መካከል የነበረው መሻገሪያ ኬላ፣ እኔን አልገረመኝም። በ1961 የአሜሪካና የሶቭየት ታንኮች የተፋጠጡበት ቦታ መሆኑ እውነት ነው፣ አሁን የቆመችው ኬላ ግን አስመስለው የሠሯት ናት፣ አካባቢውም ግርግር ብቻ። አስጎብኚያችን አምስት ደቂቃ ሰጠን፣ ሁለቱ ይበቁ ነበር።

ቤበልፕላትስ ግን ልቤን ነካው። ሰፊ አደባባይ ነው፣ ምንም የለበትም። ሳይክላችንን አቁመን ወደ መሀል ሄድን። መሬቱ ላይ አንድ መስታወት አለ። ጎንበስ ብለሽ ስታዪ ከሥር ነጭ ክፍል፣ ዙሪያውን መደርደሪያ፣ መደርደሪያው ባዶ። 20,000 ያህል መጻሕፍት የሚይዝ ነው። ሜይ 10 ቀን 1933 ናዚዎች መጻሕፍት ያቃጠሉበት ቦታ ነው። መስታወቱ በሰው ኮቴ ተጫጭሯል፣ ሰማዩን ስለሚያንጸባርቅ በእጅሽ ካልጋረድሽ ውስጡ በደንብ አይታይም። ሁላችንም እንደ ሕፃን ተንበርክከን፣ እጃችንን በግንባራችን ላይ አድርገን አየን። ከአውቶቡስ ፎቅ ላይ ይህ ቦታ ባዶ አደባባይ ነው።

ከዚያ ቪልሄልምሽትራሰ የሚባለውን ጎዳና ያዝን። እዚህ ጋ አንድ አደራ አለኝ። በ1884 እና በ1885 የአውሮፓ ኃያላን አፍሪካን ለመከፋፈል የተሰበሰቡት በዚህ ጎዳና ላይ በነበረው የቢስማርክ፣ የያኔው የጀርመን መራሔ መንግሥት፣ ሕንፃ ነው። 14 አገሮች ተገኙ፣ አንድም አፍሪካዊ አልነበረም። ሕንፃው አሁን የለም፣ የእግረኛው መንገድ ላይ ግን ማስታወሻ ሰሌዳ ቆሟል። የኛ ጉብኝት ውስጥ ይህ አልነበረበትም። እኔ ጠይቄው ነው የቆመልን። ሰሌዳውን ካነበበልን በኋላ "ከ11 ዓመት በኋላ አድዋ ላይ ምን እንደሆነ እኔ ልጨምር?" አልኩት፣ ሳቀና ቦታውን ለቀቀልኝ። አንድ ደቂቃ አስጎብኚ ሆንኩ። ጠይቂ፣ አስጎብኚ ሲጠየቅ ደስ ይለዋል። አውቶቡሱ ላይ ያለው የተቀዳ ድምፅ አይጠየቅም።

ትንሽ አለፍ ሲል ሰፈር መሀል ያለ ተራ መኪና ማቆሚያ ጋ ቆምን። ሥሩ የሂትለር ምሽግ የነበረበት ነው። የመረጃ ሰሌዳ የተተከለው በ2006 ነው፣ ከዚያ ውጪ ምንም የለም፣ የሂትለር ወዳጆች እንዳይሳለሙት ተብሎ ነው። ከዚያ ብዙ ሳንርቅ የተገደሉት አይሁዶች መታሰቢያ ደረስን። 2,711 የኮንክሪት ብሎኮች ናቸው። ሳይክሉ ውጭ ይቀራል፣ በእግርሽ ብቻሽን ግቢ። ዳር ያሉት ቁርጭምጭሚት አይደርሱም፣ መሬቱ ወደ ውስጥ እየሰመጠ ሲሄድ ግን ብሎኮቹ ከራስሽ በላይ ይሆናሉ፣ የመኪናው ድምፅም ይርቃል። አስጎብኚያችን እዚህ ምንም አላወራም። "በ15 ደቂቃ ማዶ እንገናኝ" ብሎ ተወን። ጎበዝ ነው፣ ዝም የሚልበትን ያውቃል።

ብራንደንቡርግ በር ስንደርስ ከባድ ነገር ስንሰማ ቆይተን ስለነበር ትንሽ ቀለል አለን። ናፖሊዮን በ1806 ከበሩ ራስ ላይ ያሉትን ፈረሶች ነቅሎ ፓሪስ ወስዷቸው እንደነበርና በ1814 እንደተመለሱ ነገረን። እኔ ግን በልቤ ሌላ ነገር ነበር የማስበው። የበርሊን ማራቶን ሯጮች በዚህ በር ሥር አልፈው ነው የሚጨርሱት። ኃይሌ በ2008 በ2 ሰዓት ከ3 ደቂቃ ከ59 ሰከንድ የገባው፣ ትዕግሥት አሰፋ በ2023 በ2 ሰዓት ከ11 ደቂቃ ከ53 ሰከንድ ዓለምን ያስገረመችው እዚሁ ነው። ሳይክሌን እየገፋሁ፣ በተቀደደ ሱሪ፣ በነሱ አቅጣጫ አለፍኩ። ማንም አላጨበጨበም እንጂ።

ከበሩ ማዶ ቲርጋርተን ነው፣ ትልቁ መናፈሻ። ለመንዳት ከሁሉ የሚመቸው እሱ ነው፣ ጥላ፣ ጸጥታ፣ ሰፊ መንገድ። ከጦርነቱ በኋላ ሕዝቡ ብርድ ሲፈጀው አብዛኛውን ዛፍ ለማገዶ ቆርጦ ቦታውን አትክልት እንደተከለበት ስትሰሚ ዛፎቹን በሌላ ዓይን ታያቸዋለሽ። የፓርላማው ሕንፃ፣ ራይክስታግ፣ እዚያው ጥግ ነው። በሳይክል ከውጭ ነው የምታዪው። የመስታወቱ ጉልላት ላይ መውጣት በነጻ ነው፣ ግን ቀድመሽ መመዝገብ አለብሽ፣ ፓስፖርትም ይጠየቃል። ዛሬውኑ ተመዝገቢ፣ ሰዓቱንም ለጉብኝቱ ማግስት አድርጊው።

ልብስን በተመለከተ፣ ቀላል የዝናብ ጃኬት ያዢ። ረጅም ቀሚስና የሚንዘላዘል ነጠላ ካቴና ውስጥ ይገባል። ቦርሳሽ ጀርባ ላይ የሚታዘል ይሁን። ሄልሜት ለአዋቂ ግዴታ አይደለም፣ ግን ጠይቂ፣ አብዛኛውን ጊዜ ይሰጡሻል። ለፎቶ ስልክሽን እየነዳሽ አታውጪ፣ እሱም ያስቀጣል፣ ደግሞ በየቦታው ትቆማላችሁ።

ስትመዘገቢ አንድ ነገር ጠይቂ፦ ከጉብኝቱ በኋላ ሳይክሉን እስከ ማታ ማቆየት ይቻላል ወይ? እኔ ትንሽ ጨምሬ አቆየሁትና ወደ ተምፐልሆፍ ሄድኩ። በ2008 የተዘጋ አውሮፕላን ማረፊያ ነው፣ ከ2010 ጀምሮ የሕዝብ መናፈሻ ሆኗል። አውሮፕላን ይነሳበት በነበረው ሰፊ ማኮብኮቢያ ላይ፣ ፀሐይ ስትጠልቅ፣ ያለ መኪና ያለ ትራፊክ መብራት ትጋልቢያለሽ። መመለሻ ሰዓቱን ብቻ አትርሺ፣ በሩ ማታ ይዘጋል።

በማግስቱ መቀመጫሽ እንደሚያምሽ ከወዲሁ ልንገርሽ። እኔ ቁርስ የበላሁት ቆሜ ነው። ስለዚህ ሙዚየሙንም ጉልላቱንም ለሁለተኛው ቀን አድርጊያቸው፣ ሁለቱም ቆሞ የሚታዩ ናቸው።