ጥያቄና መልስ፦ በስልክ ጨዋታ መሀል ስለሚገባው ማስታወቂያ

ሰሞኑን ከደሴና ከኮምቦልቻ ከደረሱኝ ደብዳቤዎች አብዛኞቹ አንድ ጉዳይ የሚያነሱ በመሆናቸው የዛሬውን ዓምድ ሙሉ በሙሉ ለእርሱ ሰጥቼዋለሁ። ጉዳዩ በስልክ ጨዋታ መሀል ድንገት እየገባ ተጫዋቹን የሚያስመርረው ማስታወቂያ ነው። ደብዳቤዎቹን አሳጥሬ፣ የጸሐፊዎቹንም ስም ትቼ አቀርባቸዋለሁ።

በሰኞ ገበያ የሚነግዱ እናት እንደሚሉት፣ የ6 ዓመት ልጃቸው ማታ ማታ በእርሳቸው ስልክ ይጫወታል። ጨዋታው በየደቂቃው በማስታወቂያ ይቋረጣል፤ ልጁም ያገኘውን ሁሉ ስለሚነካ ሌላ ገጽ ይከፈታል፤ ጠዋት ሲነሡ ለሳምንት ያሉት ዳታ አልቆ ያገኙታል። ስልኩን ልከልክለው ወይ ብለው ይጠይቃሉ።

መከልከል አያስፈልግዎትም፤ ኢንተርኔቱን ማጥፋት ይበቃል። ጨዋታው አንድ ጊዜ ከወረደ በኋላ ሥዕሉም ድምፁም እዚያው ስልክዎ ውስጥ ነው። ማስታወቂያው ግን ስልኩ ውስጥ የለም፤ ልጁ አንድ ደረጃ በጨረሰ ቁጥር ከማስታወቂያ አከፋፋዮች፣ ለምሳሌ ከጉግል አድሞብ ወይም ከዩኒቲ አድስ፣ በኢንተርኔት ተጠርቶ የሚመጣ ነው። መንገዱ ከተዘጋ የሚመጣ ነገር አይኖርም። ስለዚህ ስልኩን ለልጁ ከመስጠትዎ በፊት የሞባይል ዳታውንም ዋይፋዩንም ያጥፉ። ብዙ ሰው የአውሮፕላን ሁነታን ይመክራል፤ እኔ ግን ለቤት እመቤት አልመክረውም፤ የስልክ ጥሪንም አብሮ ስለሚዘጋ፣ ማታ የሚደውል ዘመድ ቢኖር አያገኝዎትም። አንዳንድ ጨዋታ አንድ ሁለት ማስታወቂያ አስቀድሞ አውርዶ ስለሚያስቀምጥ፣ ዳታው ከጠፋም በኋላ ቢመጣብዎት ጨዋታውን ሙሉ በሙሉ ዘግተው እንደገና ይክፈቱት። ከሌላ ሰው ጋር በኢንተርኔት የሚጋጠሙበት ጨዋታ በዚህ መንገድ አይሠራም፤ ለ6 ዓመት ልጅ ግን እንዲህ ያለው ጨዋታ መጀመሪያውኑ አይመከርም።

የዳታው ነገር ቀላል እንዳልሆነ በሒሳብ ላሳይዎት። አንድ የ30 ሰከንድ ቪዲዮ 3 ሜጋባይት ይወስዳል ብንል፣ በአንድ ምሽት 20 ጊዜ ሲታይ 60 ሜጋባይት፣ በወር 1,800 ሜጋባይት ይሆናል። ይህን የሚከፍሉት እርስዎ ነዎት እንጂ አስተዋዋቂው አይደለም።

ልጁ ሌላ ገጽ እንዳይከፍት ደግሞ በአንድሮይድ ስልክ የደህንነት ቅንብር ውስጥ «መተግበሪያ መሰካት» የሚባል አማራጭ ይፈልጉ። ጨዋታውን ከሰኩት በኋላ የይለፍ ቁጥርዎ ሳይገባ ከእርሱ መውጣት በአብዛኛው አይቻልም። በአይፎን ተመሳሳዩ አገልግሎት «ጋይድድ አክሰስ» ይባላል።

አንድ አንባቢ ስልኩን አጥፍቶ ማብራት ማስታወቂያ ይቀንሳል ወይ ይላል። አይቀንስም።

በኮምቦልቻ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት የሚማር ወጣት «የግል ዲ ኤን ኤስ» የተባለውን የስልክ ቅንብር ጓደኞቹ ማስታወቂያ ለመዝጋት እንደሚጠቀሙበት ጠቅሶ፣ በእርግጥ ይሠራል ወይ፣ ጉዳትስ አለው ወይ ይላል።

ይሠራል፤ ሁልጊዜ ግን አይደለም። ዲ ኤን ኤስ የኢንተርኔት የስም መዝገብ ነው፤ ስልክህ ወደ አንድ አድራሻ ከመሄዱ በፊት ስሙን ለመዝገቡ ሰጥቶ ቁጥሩን ይጠይቃል። እ.ኤ.አ. በ2018 ከወጣው አንድሮይድ 9 ጀምሮ ይህን መዝገብ ራስህ መምረጥ ትችላለህ። እንደ አድጋርድ ያሉ ድርጅቶች የማስታወቂያ አከፋፋዮችን ስም ሲጠየቁ ትክክለኛውን ቁጥር የማይሰጥ መዝገብ ለሕዝብ ክፍት አድርገዋል፤ ማስታወቂያው አድራሻውን ስለማያገኝ ሳይመጣ ይቀራል። ኢንተርኔቱ ክፍት ሆኖ ማስታወቂያው ብቻ መቅረቱ ከሌሎቹ ዘዴዎች ሁሉ የሚመረጥበት ምክንያት ነው። ነገር ግን ማስታወቂያው ከጨዋታው ከራሱ አድራሻ የሚላክ ከሆነ መዝገቡ ሊለየው አይችልም። በካምፓስም ሆነ በሆቴል ዋይፋይ መግቢያ ገጽ አልከፈት ካለህ ቅንብሩን ለጊዜው ወደ «ራስ-ሰር» መልሰው፤ ብዙ ተማሪ ኔትወርክ ጠፋ የሚለው በዚህ ምክንያት ነው። የምትጎበኛቸውን አድራሻዎች ስም ሁሉ ለመዝገቡ ባለቤት አሳልፈህ እንደምትሰጥም አትርሳ። ስለዚህ አድራሻውን ከድርጅቱ ከራሱ ገጽ ውሰድ እንጂ ማንነቱ ከማይታወቅ የቴሌግራም ቻናል አትቅዳ። «ማስታወቂያ አጥፊ» ተብለው በነፃ የሚታደሉ ቪ ፒ ኤኖችን፣ ማለትም የስልክህን ኢንተርኔት ሁሉ በሌላ ድርጅት ኮምፒዩተር በኩል የሚያሳልፉ መተግበሪያዎችን፣ በተመለከተ ምክሬ አጭር ነው፤ ተዋቸው።

ከፒያሳ የጻፈ ወጣት ያነሣው ጥያቄ ከሁሉም በላይ አሳስቦኛል። አንድ ሞባይል ቤት በትንሽ ገንዘብ «ማስታወቂያ የሌለበት» የሚባል የጨዋታ ኤፒኬ፣ ማለትም ከፕሌይ ስቶር ውጭ በቀጥታ የሚጫን የመተግበሪያ ፋይል፣ ጭነውለታል። ጨዋታው ሲከፈት የጽሑፍ መልእክቶቹን የማንበብ ፈቃድ ጠየቀ፤ ሰጠው። ቀጥሎ «ተደራሽነት» የሚባለውን ፈቃድ ጠየቀ፤ እርሱንም ሰጠው። ጨዋታው አሁን ያለ ማስታወቂያ ይሠራል። «ችግር ይኖረው ይሆን?» ይላል።

አዎ፣ ወንድሜ፣ ከባድ ችግር ሊኖረው ይችላል፤ ይህን ያነበብክበትን ምሽት ሳታሳልፍ እርምጃ ውሰድ።

እንዲህ ያለ ፋይል የሚዘጋጀው አንድ የማይታወቅ ሰው የጨዋታውን ፋይል ፈትቶ፣ ማስታወቂያ የሚጠራውን ክፍል አውጥቶ፣ እንደገና በማሸግ ነው። አንድሮይድ ማናቸውም መተግበሪያ የሠሪው ዲጂታል ፊርማ እንዲኖረው ያስገድዳል። ፈትቶ ያሸገው ሰው የመጀመሪያው ሠሪ ቁልፍ ስለሌለው የራሱን ፊርማ ያኖርበታል፤ ዋናው ጨዋታ ካልጠፋ በቀር አዲሱ አልጫንም የሚለውም ስለዚሁ ነው። ማስታወቂያውን ያወጣ እጅ በምትኩ ምን እንዳስገባ ደግሞ አንተም አታውቅም፤ የጫነልህ የሞባይል ቤት ሠራተኛም ላያውቅ ይችላል፤ እርሱም ከሌላ ሰው በሼርኢት የተቀበለው ሊሆን ይችላልና በክፋት አልጠረጥረውም።

አሁን የሰጠሃቸውን ሁለት ፈቃዶች እንይ። መልእክት የማንበብ ፈቃድ ማለት ባንክህ የሚልክልህን የማረጋገጫ ቁጥር ከአንተ እኩል ማንበብ ማለት ነው። ተደራሽነት የሚባለው ፈቃድ ደግሞ ማየት ለሚሳናቸውና እጃቸውን እንደልብ ማንቀሳቀስ ለማይችሉ ሰዎች የተዘጋጀ ስለሆነ፣ የተሰጠው መተግበሪያ በስክሪንህ ላይ ያለውን ማንበብና በአንተ ፈንታ መንካት ይችላል። ሁለቱ ሲደመሩ ስልኩን ከነቁልፉ ለሌላ ሰው ማስረከብ ነው። ኳስ ለሚያንከባልል ጨዋታ መልእክት ማንበብ ምን ያደርግለታል? አንድ ጨዋታ እነዚህን ፈቃዶች ከጠየቀ ያ ብቻውን ለማጥፋት በቂ ምክንያት ነው።

እንዲህ አጥብቄ የምናገረው፣ የምንጫወትበት ስልክና ገንዘባችን ያለበት ስልክ አንድ በመሆኑ ነው። ቴሌብር እ.ኤ.አ. በግንቦት 2021፣ ኤምፔሳ በነሐሴ 2023 በአገራችን ሥራ ከጀመሩ ወዲህ፣ በደሴ ከሱቅ እስከ ባጃጅ ሒሳብ በስልክ ይከፈላል። ከሐረጎ ማዶ ኮምቦልቻ ያለ ፋብሪካ የሚሠራ ልጅ ደመወዙን ለእናቱ የሚልከው በዚሁ ስልክ ነው። የ30 ሰከንድ ማስታወቂያ ለማምለጥ ተብሎ የቤተሰብ ቀለብ አደጋ ላይ ሊወድቅ አይገባም። ዳታውን በማጥፋት በነፃ የሚገኘውን ነገር ሰው ከፍሎ፣ ያውም በዚህ ዋጋ ሲገዛው ማየት ያሳዝነኛል።

አሁኑኑ ኢንተርኔቱን አጥፋ። ወደ ቅንብሮች ገብተህ የተደራሽነቱን ፈቃድ ንሣ፤ ከዚያ መተግበሪያውን አራግፍ። አልራገፍም ካለ በደህንነት ቅንብር ውስጥ «የመሣሪያ አስተዳዳሪ» ተብሎ ተመዝግቦ ሊሆን ስለሚችል በመጀመሪያ ከዚያ አስወጣው። ቀጥሎ ኢንተርኔቱን መልሰህ በፕሌይ ስቶር ውስጥ ያለው ፕሌይ ፕሮቴክት ስልኩን እንዲፈትሽ አድርግ። ፎቶዎችህን ወደ ሌላ ቦታ ካዛወርክ በኋላ ስልኩን ወደ ፋብሪካ ቅንብሩ መመለስ ከሁሉ ይሻላል። የይለፍ ቁጥሮችህን ስልኩ ሳይጸዳ በዚያው ስልክ ላይ አትቀይር፤ የምታስገባው አዲስ ቁጥር ሊነበብ ይችላልና። ነገ ጠዋት ደግሞ ባንክህ ቅርንጫፍ በአካል ሂድ፤ ስለ ቴሌብር ሒሳብህም በ127 ደውለህ ጠይቅ። ይህን የመጨረሻውን «እስቲ አያለሁ» ብለህ እንዳታሳድረው፤ እኔ ከሩቅ ሆኜ ስልክህን ልመረምር አልችልም፣ ሒሳብህን አይቶ ሊያግድልህ የሚችለው ባንክህ ብቻ ነው። የጎደለ ገንዘብ ካገኘህ በዚያው ቀን ለፖሊስም አመልክት።

አንድ ነጋዴ ማስታወቂያ መዝጋት የሠሪውን ድካም መብላት አይሆንም ወይ ብለው ይጠይቃሉ።

የሃይማኖቱን ፍርድ ለሚያውቁት አባቶችና ሸኾች እተወዋለሁ። በእኔ አስተያየት ግን ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ነፃ የሚባለውን ጨዋታ የሠራው ሰው የሚያገኘው ከማስታወቂያው ነውና። ብዙ ጨዋታዎች አንድ ጊዜ ተከፍሎ ማስታወቂያውን ለዘለቄታው የሚያስወግዱበት አማራጭ አላቸው፤ በውጭ አገር የሚቀበሉት የባንክ ካርድ ያለው ሰው ቢከፍል መልካም ነው። ለብዙዎቻችን ግን ይህ በር ክፍት አይደለም። ዳታን አጥፍቶ መጫወት የማንንም ፋይል መስበር ስላልሆነ፣ በገዛ ስልክዎ የገዛ ኢንተርኔትዎን ማጥፋት ጥፋት ነው ብዬ አላምንም።

በሆጤ አካባቢ የሚያስተምሩ መምህርት ተማሪዎቻቸው የውርርድ ድርጅቶችን ስም ከጨዋታ መሀል ማስታወቂያ እንደሚያውቁ በምሬት ጽፈዋል። አንዳንዱ ማስታወቂያም የመዝጊያ ምልክቱ አይገኝም ይላሉ።

ምሬትዎን እጋራለሁ። ልጁ የሚጫወተው በአባቱ ስልክና በአባቱ የጉግል አካውንት ስለሆነ፣ ማስታወቂያው የሚመረጠው ለአዋቂ ሰው ነው። ወላጆች ለልጁ በትክክለኛ ዕድሜው የራሱን አካውንት የጉግል የወላጅ መቆጣጠሪያ በሆነው በፋሚሊ ሊንክ ቢከፍቱለት፣ እንዲህ ያለው ማስታወቂያ በእጅጉ ይቀንሳል። በጉግል ፖሊሲ መሠረት በአንድ ጨዋታ ውስጥ የሚታየው ማስታወቂያ ለጨዋታው የዕድሜ ደረጃ የሚመጥን መሆን አለበት። እ.ኤ.አ. ከመስከረም 30 ቀን 2022 ጀምሮ ደግሞ፣ ተጫዋቹ ሳይጠብቀው ስክሪኑን ሞልቶ የሚመጣና ከ15 ሰከንድ በኋላ እንኳ የማይዘጋ ማስታወቂያ በፕሌይ ስቶር ጨዋታዎች ውስጥ የተከለከለ ነው። ሽልማት ለማግኘት ተጫዋቹ ራሱ ፈቅዶ የሚያየው በዚህ ክልከላ አይገባም። ደንቡን የሚጥስ ጨዋታ ሲያገኙ በፕሌይ ስቶር ገጹ ላይ ካለው የሦስት ነጥብ ምልክት ገብተው አግባብ እንዳልሆነ ያመልክቱ፤ ወላጆችንም ያስተምሩልኝ።

ያው ሽልማት የሚሰጠውን ማስታወቂያ ሳያዩ ሽልማቱን የሚያገኙበት ዘዴ አለ ወይ የሚል ጥያቄም ደርሶኛል። የለም፤ ሽልማቱ የሚለቀቀው አከፋፋዩ ቪዲዮው መታየቱን ለጨዋታው ሲያሳውቅ ነው።

ጨዋታ ሳይከፍቱ ማስታወቂያ በስክሪናቸው ላይ የሚመጣባቸው አንባቢ ምክንያቱን ይጠይቃሉ። ይህ የጨዋታ ማስታወቂያ ሳይሆን በቅርቡ ከጫኗቸው መተግበሪያዎች የአንዱ ሥራ ሳይሆን አይቀርም፤ ብዙ ጊዜ የእጅ ባትሪ ወይም «ስልክ ማጽጃ» የሚባለው ነው። በቅንብሮች ውስጥ «በሌሎች መተግበሪያዎች ላይ አሳይ» የሚለውን ከፍተው ይህ ፈቃድ የተሰጣቸውን አንድ በአንድ ይዩ፤ የማያውቁትን ያራግፉ። ካልሆነልዎት የሚያምኑት ጥገና ቤት ያሳዩት።

የልጄ ዓይን ከጨዋታ በኋላ ይቀላል ላሉኝ አባት፦ ይህ የማስታወቂያ ጉዳይ አይደለም፤ የዓይን ሐኪም ያሳዩት።

ጡረታ የወጡ የኮምቦልቻ አባት ቼዝ ይወዳሉ፤ ማስታወቂያ የሌለበት ጨዋታ ጭራሽ የለም ወይ ይላሉ።

አለ፣ አባቴ፤ በማየትም መለየት ይቻላል። በፕሌይ ስቶር በጨዋታው ስም አጠገብ «ማስታወቂያዎችን ይዟል» የሚል ጽሑፍ ካለ አይጫኑት። ለቼዝ ሊቼስን እመክርዎታለሁ፤ እ.ኤ.አ. በ2010 የተጀመረ፣ በተጠቃሚዎች መዋጮ የሚተዳደር፣ ክፍያም ማስታወቂያም የሌለው ነው። ከኮምፒዩተር ጋር ያለ ኢንተርኔት መጫወት ስለሚያስችል የዳታ ወጪ አይኖርብዎትም። የቁጥርና የሥዕል እንቆቅልሽ ከወደዱ ደግሞ የሳይመን ታተም የእንቆቅልሽ ስብስብ አለልዎት፤ እርሱም ነፃ ነው። የልጅ ልጅዎ አንድ ጊዜ ዋይፋይ ባለበት ሁለቱንም ያውርድልዎት፤ የኮምፒዩተሩን አቅም ግን ከዝቅተኛው ደረጃ ይጀምሩት።